የራውል ፔክ ሁለቱ የሉሙምባ ፊልሞች፣ ከኮንጎ ዘማች ቤት ሆነው ሲታዩ

አያቴ ኮንጎ ዘማች ነበር። ባባ ነበር የምንለው። የክቡር ዘበኛ ሃምሳ አለቃ ሆኖ በ1960 (ዓመቶቹንም ቀኖቹንም በፈረንጅ ነው የምጽፈው) የተባበሩት መንግሥታትን ቆብ አድርጎ ከጠቅል ብርጌድ ጋር ሄዶ በሰላም ተመልሷል። እኛ ቤት ኮንጎ ማለት ሳሎን ግድግዳ ላይ ያለችው ፎቶ፣ በጨርቅ ተጠቅልላ ሳጥን ውስጥ የተቀመጠችው ሜዳልያ፣ ከዛ ደግሞ ሐምሌ ላይ ዝናቡ ሲበረታ "ይሄማ ምኑ ዝናብ ነው፣ የኮንጎን ባያችሁ" የሚላት ነገር ነበረች፣ በቃ ይሄው ነው። ሉሙምባ የሚለውን ስም፣ የነጻዋን ኮንጎ የመጀመሪያ ጠቅላይ ሚኒስትር ማለቴ ነው፣ ከሱ አፍ ሰምቼ አላውቅም። እና ሰሞኑን ሁለት ፊልም አየሁ፣ ሁለቱም ስለ ሉሙምባ፣ ሁለቱም የአንድ ሰው ስራ፣ ካየኋቸው ሶስት ሳምንት ሆነኝ ግን ከጭንቅላቴ አልወጣ ስላሉኝ ለሌላውም ይጠቅማል ብዬ ቁጭ ብዬ ጻፍኩት፣ ትንሽ ይረዝማልና ታገሱኝ።

ዳይሬክተሩ ራውል ፔክ ይባላል፣ የሄይቲ ሰው ነው። አሜሪካ ያላችሁ ስሙን ባትይዙት እንኳን በጄምስ ባልድዊን ጽሁፍ ላይ ተነስቶ የሰራውን፣ ሳሙኤል ኤል ጃክሰን የሚተርከውንና ለኦስካር ታጭቶ የነበረውን ዶክመንተሪ አይታችሁት ይሆናል፣ እኔም የማውቀው በሱ ብቻ ነበር። ሰውየው ሌላም ብዙ ሰርቷል፣ ስለ ሩዋንዳው ጭፍጨፋ ሰርቷል፣ ሄይቲን በ2010 ካፈረሳት የመሬት መንቀጥቀጥ በኋላ የገባው የእርዳታ ብር ምን እንደሰራና ምን እንዳልሰራ ሁለት ዓመት እየተከታተለ ቀርጿል። ግን ከሱ ስራ አንድ ጀምሩ ብትሉኝ እነዚህን ሁለቱን ነው የምላችሁ። አንደኛው በ1990 አካባቢ የሰራው "ሉሙምባ፣ የነቢዩ ሞት" የሚል ዶክመንተሪ ነው፣ ሁለተኛው በ2000 የወጣው "ሉሙምባ" የሚለው ተዋንያን ያሉበት ሙሉ ፊልም።

ሄይቲያዊን ከኮንጎ ጋር ምን አገናኘው የሚል ሰው ይኖራል፣ እኔም መጀመሪያ ጠይቄያለሁ። ፔክ በ1953 ፖርቶፕሪንስ ነው የተወለደው። አባቱ የግብርና ባለሙያ ነበሩ፣ በአምባገነኑ ዱቫሊየር ዘመን ታስረው ከወጡ በኋላ አገር ጥለው ሄዱ፣ የሄዱት ደግሞ ኮንጎ ነው። ቤልጂየሞቹ ሰማኒያ ዓመት ሊሞላ ለሚጠጋ ጊዜ ሲገዙ ለአገሬው ሰው ከፍተኛ ትምህርት በሩን ዘግተው ስለነበር ነጻነት ሲመጣ ዩኒቨርሲቲ የጨረሰ ኮንጓዊ በጣት የሚቆጠር ነበር፣ ስለዚህ ፈረንሳይኛ የሚችል ጥቁር ባለሙያ ሲፈለግ ከሄይቲ ብዙ አስተማሪና ሀኪም ሄደ። የነ ፔክ ቤተሰብ በ1961 ሲደርስ ልጁ 8 ዓመቱ ነው፣ ሉሙምባ ደግሞ በዛው ዓመት ጥር ላይ ተገድሏል። ማለት ሰውየውን ሳያየው ሰውየው በጠፋበት ከተማ ውስጥ አደገ፣ እናቱም የከተማው ከንቲባ ቢሮ ጸሀፊ ሆነው ይሰሩ ስለነበር ወሬው ቤት ድረስ ይገባ ነበር።

ዶክመንተሪውን ስጀምር ተናድጄ ነበር፣ እውነቱን ልናገር። ኮንጎን አያለሁ ብዬ ቁጭ ብዬ የማየው ብራስልስን ነው። ክረምት፣ ግራጫ ሰማይ፣ ኮት የለበሱ ሰዎች መንገድ ሲሻገሩ፣ ኤርፖርት ውስጥ ሻንጣ ሲጎትቱ፣ ከላይ የዳይሬክተሩ ድምጽ ስለ ሉሙምባ ያወራል። ኋላ እንደሚናገረው ዛየር (ኮንጎ ያኔ የምትጠራበት ስም ነው) ሄዶ ሊቀርጽ ነበር ግን ዘመኑ የአምባገነኑ የሞቡቱ ነው፣ የጸጥታ ሰዎች እንደሚጠብቁት ስለሰማ ቀረ፣ መሄድ ካልቻለ ደግሞ ያልሄደበትን ፊልም ሰራ። ሃያ ደቂቃ ካለፈ በኋላ ነው የገባኝ፣ ሉሙምባ የተገደለው ካታንጋ በምትባል የኮንጎ ክፍለ ሀገር ቢሆንም ነገሩ የተዶለተው እዚህ ጎዳናዎች ላይ ካሉ ቢሮዎች ውስጥ ነው፣ እነዛ መንገድ የሚሻገሩ ሽማግሌዎች ውስጥ አንዱ ያኔ ሚኒስቴር መስሪያ ቤት ይሰራ ይሆናል። ፊቶቹን ማየት ጀመርኩ። ዳይሬክተሩ ማንንም አይከስም፣ ካሜራውን ፊታቸው ላይ ያቆየውና ዝም ይላል።

በዚህ መሀል የቤተሰቡ የራሳቸው ፊልም ይገባል፣ በትንሿ ካሜራ የተቀረጸ፣ ልጆች ሲጫወቱ፣ ሰው ሲስቅ፣ እና ድምጹ እናቱ የነገረችውን ያመጣል። እናቴ እንዲህ ነግራኛለች፣ እናቴ እንዲህ ትላለች፣ እየተመላለሰ ይመጣል። የኮንጎ ታሪክ ከመጽሐፍ ሳይሆን ከእናት አፍ ነው የሚጀምረው። እኛም ቤት እኮ ታሪክ የሚነገረው እንደዛ ነው፣ ባባ ያለው፣ እትዬ የሰማችው፣ ማንም ማስረጃ አይጠይቅም።

ሌላ የማልረሳው ቦታ ደግሞ የምስሉ ዋጋ ነው። የሉሙምባ የድሮ የዜና ፊልሞች ያሉት አውሮፓ የምስል ድርጅቶች እጅ ነው፣ ፔክ ሊያሳየን ሲፈልግ ለደቂቃ በሺ የሚቆጠር ዶላር ይጠየቃል፣ ይሄንንም አልደበቀም፣ ፊልሙ ውስጥ ይነግረናል። የተገደለውን ሰው ፊት ለማየት ለማን እንደሚከፈል አስቡት። እኔ የባባ አንዲት ፎቶ ነው ያለችኝ፣ ሌላ ካለም የት አገር መዝገብ ቤት እንዳለ አላውቅም፣ ያን ቀን ማታ የሳሎኑን ፎቶ በስልኬ ሶስት ጊዜ አነሳሁት።

ሁለተኛውን ፊልም ከእማዬ ጋር ነው ያየሁት። ፈረንሳይኛ ነው የሚናገሩት፣ ሰብታይትሉ እንግሊዝኛ፣ እማዬ ደግሞ ሰብታይትል አትከተልም፣ ስለዚህ እያቆምኩ ተረጎምኩላት፣ ወደ ሁለት ሰዓት የሚጠጋው ፊልም ከቡና ጋር አራት ሰዓት ፈጀ። መጀመሪያው ከባድ ነው፣ ልጆች ካሉ አስወጡ፣ ሌሊት ነው፣ ሁለት ነጮች አስከሬን ሊያጠፉ መሳሪያና በርሜል ይዘው ይሰራሉ። ይሄ ፈጠራ አይደለም፣ ጄራርድ ሶት የሚባል የቤልጂየም ፖሊስ ከወንድሙ ጋር ሆኖ የሉሙምባን፣ የሞሪስ ምፖሎንና የጆሴፍ ኦኪቶን አስከሬን ቆራርጠው በአሲድ አጥፍተዋል፣ ራሱም ኋላ አምኗል። ፊልሙ ከዛ ወደ ኋላ ይመለስና ፖስታ ቤት ሰራተኛ የነበረው፣ ሊዮፖልድቪል (የዛሬዋ ኪንሻሳ) ገብቶ ቢራ እየዞረ የሚያስተዋውቀው ወጣት እንዴት ጠቅላይ ሚኒስትር እንደሆነ ያሳየናል። ኤሪክ ኤቡዋኔ የሚባለው አክተር ነው ሉሙምባን የሚጫወተው፣ ጸጉሩ፣ መነጽሩ፣ ሲናደድ አንገቱን የሚያቀናው ነገር፣ እማዬ ግማሽ ላይ "ይሄ ራሱ ነው ወይስ አክተር?" አለችኝ።

መጀመሪያ ስተረጉም "እሱ እንዲህ አለ" ስል እማዬ አቋረጠችኝ። "እሳቸው በይ እንጂ፣ ጠቅላይ ሚኒስትር አይደሉ እንዴ?" አለች። ከዛ ወዲያ እሳቸው እያልኩ ቀጠልኩ። ይሄን የማነሳው በምክንያት ነው። ሰኔ 30 ቀን 1960፣ የነጻነት ቀን፣ የቤልጂየሙ ንጉሥ ቦድዋን ኮንጎን እንደ ግል ንብረታቸው ይዘው የነበሩትን የቅድመ አያታቸውን ወንድም፣ የሊዮፖልድ ሁለተኛን ስራ አወድሰው ተናገሩ፣ ሉሙምባ ደግሞ ፕሮግራም ላይ ስሙ ሳይኖር ተነስቶ ያን የታወቀውን ንግግር አደረገ። ፊልሙ ውስጥ ጥሩ ተሰርቷል፣ የሰዎቹ ፊት ሲለዋወጥ ታያላችሁ። ከፊልሙ በኋላ ግን ሙሉ ንግግሩን ፈልጌ አነበብኩት፣ እና አንድ ቦታ ላይ ቆምኩ። ለጥቁር ሰው "አንተ" ይባል እንደነበር ማን ይረሳል ይላል፣ ያውም በወዳጅነት ሳይሆን የከበሬታው "እርስዎ" ለነጭ ብቻ የተቀመጠ ስለነበር። እንግሊዝኛ ላይ ይሄ ነገር ሙሉ በሙሉ ይጠፋል፣ አንድ "ዩ" ብቻ ነው ያላቸው። በአማርኛ ለሚያስብ ሰው ግን ማብራሪያ አያስፈልገውም፣ ሽበት ያለው ሰው የልጁ እኩያ በሆነ ነጭ "አንተ" ሲባል ምን እንደሚሰማው ሰውነታችን ያውቀዋል። ለእማዬ ሳነብላት ቡናውን አስቀመጠችው።

ፔክ በሁለቱ ፊልሞች መሀል፣ ከ1996 እስከ 1997፣ የሄይቲ የባህል ሚኒስትር ነበር። ይሄን ካወቅሁ በኋላ ሁለተኛው ፊልም ላይ ያሉት የካቢኔ ስብሰባዎች በሌላ ዓይን ታዩኝ። ሚኒስትሮቹ ይጮሃሉ፣ ስልኩ ይጮሃል፣ አንዱ ወረቀት ይዞ ይገባል፣ ወታደሩ አምጿል፣ ካታንጋ ተገንጥያለሁ ብላለች፣ የቤልጂየም ወታደር ገብቷል፣ እና አንድም ሰው ለማሰብ አምስት ደቂቃ የለውም። ሉሙምባ ስልጣን ላይ የቆየው ሶስት ወር እንኳን አይሞላም። እንደዛ ክፍል ውስጥ ተቀምጦ የማያውቅ ዳይሬክተር ቢሰራው ጀግናው ረጅም ንግግር ያደርግ ነበር ብዬ አስባለሁ፣ እዚህ ግን ጀግናው እንቅልፍ ያጣ ሰው ነው፣ ይሳሳታል፣ ይቆጣል፣ የማይገባውን ሰው ያምናል። የማይገባው ሰው ሞቡቱ ነው። ሞቡቱን አሌክስ ዴስካስ ነው የሰራው፣ ዝም ያለ፣ ትሁት፣ ጓደኛ። ጦሩን በእጁ የሰጠው ራሱ ሉሙምባ ነው። ከሁሉም በላይ የሚያሳምመው ደግሞ ሞቡቱ ኋላ ሉሙምባን ብሄራዊ ጀግና ብሎ ማወጁ ነው፣ ፊልሙ ያንን በዓል ከግድያው ጋር እያቀያየረ ያሳየዋል፣ ህዝቡ ለህሊና ጸሎት ተነስቶ ቆሟል፣ አጠገቡ ገዳዩ ወንበር ላይ።

አሁን ወደ ባባ ልመለስ፣ ምክንያቱም ለኔ ይሄ ግምገማ ያለ እሱ አይጻፍም። የኢትዮጵያ ወታደሮች መጀመሪያ አካባቢ ከሰፈሩባቸው ከተሞች አንዷ ስታንሊቪል ናት፣ ዛሬ ኪሳንጋኒ የምትባለው፣ የሉሙምባ ደጋፊ የበዛባት ከተማ። ፕሬዝዳንት ካሳቩቡ መስከረም ላይ ሉሙምባን አንስቻለሁ ሲሉ የተባበሩት መንግሥታት ሰዎች ኤርፖርቱንና ሬዲዮ ጣቢያውን ዘጉ፣ እና ሰውየው ለህዝቡ መናገሪያ አጣ፣ ካሳቩቡ ግን በወንዙ ማዶ በብራዛቪል ሬዲዮ መናገር ይችሉ ነበር። ከዛ ቤቱ ውስጥ ተዘጋ፣ ውስጥ በተመድ ወታደር ተጠብቆ፣ ውጭ በሞቡቱ ወታደር ተከቦ። ህዳር 27 ሌሊት ዶፍ ሲወርድ አምልጦ ወጣ። ሊደርስባት የፈለጋት ከተማ ስታንሊቪል ናት። ፊልሙ ውስጥ ያ ዝናብ ሲመጣ እኔና እማዬ ተያየን፣ ማንም ምንም አላለም።

ባባ ያኔ የት እንደነበር ፎቶው ጀርባ ላይ አልተጻፈም። የሚታዘዘውን የሚፈጽም አንድ ሃምሳ አለቃ ነው፣ ትእዛዙ ኒውዮርክ ነው የሚጻፈው፣ ይሄን አውቃለሁ። ፊልሙም ወታደሮቹን አይወነጅልም፣ ጣቱን የሚቀስረው ትእዛዝ ሰጪዎቹ ላይ ነው። ግን ልጅ ሆኜ "ሰላም ሊያስከብር ሄደ" ብዬ ክፍል ውስጥ በኩራት እናገር ነበር፣ አሁን ያቺን ዓረፍተ ነገር ስናገር መሀል ላይ እቆማለሁ። ኩራቱ አልጠፋም፣ እሱ አንድም ሰው ገደልኩ ብሎ አያውቅም፣ እዛ የሞቱ ጓደኞቹን ስም ግን እስኪሞት ይቆጥር ነበር። ስለ ሉሙምባ ለምን እንዳላወራን ግን አሁን የመሰለኝን ልናገር። ሉሙምባ በታህሳስ መጀመሪያ ተያዘ፣ በዛው ወር አዲስ አበባ ላይ የክቡር ዘበኛው መፈንቅለ መንግሥት ተነሳ፣ የኢትዮጵያ ሰው የታህሳስ ግርግር የሚለው። የራሱ ክፍል ነው ያመጸው፣ ጓደኞቹ ናቸው የሞቱትና የታሰሩት፣ እሱ ኮንጎ ሆኖ ሬዲዮ ነው የሚሰማው፣ አያቴ እማሆይ ደግሞ አዲስ አበባ ልጅ ታቅፋ። ሲመለስ ያ ነገር ሌላውን ሁሉ ዋጠው። ዘበኛ የነበረ ሰው አፉን መዝጋት ነበረበት፣ ስለ አዲስ አበባውም ስለ ኮንጎውም።

አንድ ግራ የሚያጋባ ነገር ልጠቁማችሁ፣ እንዳትደናገጡ። እኔ ባገኘሁት ኮፒ ላይ የአሜሪካን ኤምባሲ ሰዎች ያሉበት ሲን ላይ አንድ ስም ሲጠራ ድምጹ ጠፋ። ዲስኩ የተቧጨረ መስሎኝ ሁለት ጊዜ መለስኩት። አይደለም። የተሰወረው ስም የፍራንክ ካርሉቺ ነው፣ ያኔ ሊዮፖልድቪል ኤምባሲ ሁለተኛ ጸሀፊ የነበረ፣ ኋላ በሬጋን ጊዜ የመከላከያ ሚኒስትር የሆነ። ሰውየው በግድያው እጄ የለበትም ብሎ በጠበቆቹ በኩል ስለተቃወመ ፊልሙ በአሜሪካን ቴሌቪዥን ሲታይ ስሙ በድምጽ እንዲሸፈን ተደረገ። እሱ ይካድ እንጂ ሲአይኤ ሉሙምባን በመርዝ ሊገድል አቅዶ እንደነበር በ1975 የአሜሪካ ሴኔት ራሱ አጣርቶ ጽፏል፣ ቤልጂየምም ፊልሙ በወጣ በዓመቱ በፓርላማ ኮሚቴዋ የሞራል ሃላፊነት እንዳለባት አምና በ2002 ይቅርታ ጠይቃለች። ያቺ የጠፋችው አንዲት ድምጽ ከመላው ሲን በላይ ተናገረችኝ፣ አርባ ዓመት ካለፈ በኋላም አንድ ስም ለመጥራት ይሄን ያህል ችግር አለ።

ጉድለቱንም ልናገር። ሁለተኛው ፊልም ላይ ስም ይበዛል፣ ቾምቤ፣ ካሎንጂ፣ ጃንሰንስ፣ ሙኖንጎ፣ አንዱን ሳትይዙ ሌላው ይመጣል፣ ታሪኩን ቀድሞ ለማያውቅ ሰው መሀሉ ላይ ይጠፋዋል፣ እኔ ወረቀት ላይ እየጻፍኩ ነበር። የሉሙምባ ሚስት ፖሊን ደግሞ በጣም ትንሽ ናት፣ ትጨነቃለች፣ ልጅ ትይዛለች፣ ትጠብቃለች፣ እሷ ምን ታስብ ነበር የሚለውን ፊልሙ አይጠይቅም፣ በእናቱ አፍ ዶክመንተሪ የሰራ ሰው ይሄን መርሳቱ አሳዝኖኛል። ተራው የኮንጎ ሰውም አብዛኛውን ጊዜ ሰልፍ ላይ ወይ ጥይት ሲሸሽ ነው የሚታየው። የተቀረጸው ደግሞ ዚምባብዌና ሞዛምቢክ ነው፣ ያኔ ኮንጎ ጦርነት ላይ ስለነበረች፣ ይሄ ግን እኔን አልረበሸኝም። ዶክመንተሪው በበኩሉ ቀስ ያለ ነው፣ ደክሟችሁ ማታ ከከፈታችሁት ትተኛላችሁ። ስለዚህ ቅደም ተከተሉን ገልብጡት፣ መጀመሪያ የ2000ውን እዩና ሰዎቹን እወቁ፣ ከዛ በሌላ ቀን ዶክመንተሪውን፣ ጠዋት ቢሆን ይመረጣል። ከሁለቱ ትልቁ ስራ ለኔ ዶክመንተሪው ነው፣ ግን ቀድሞ ሲታይ በሩ አይከፈትም። ላይብረሪ ጠይቁ፣ እኔ ሁለቱንም በላይብረሪ ካርድ ነው ያገኘሁት፣ አማርኛ ሰብታይትል ግን የለም፣ ለወላጅ የምታሳዩ ከሆነ ጊዜ ያዙ።

እማዬን የሰበራት ወንዙ ነው። ሉሙምባ ሳንኩሩ የሚባለውን ወንዝ ተሻግሯል፣ ማዶ ደርሷል፣ ከዛ በኋላ መንገዱ ክፍት ነው። ሚስቱና ልጁ ግን ወዲህ ቀርተዋል፣ ወታደሮቹ ደረሱባቸው። እና ተመልሶ ተሻገረ። እማዬ "ተመለሰ?" አለችኝ፣ አዎ አልኳት፣ "ስንት ዓመቱ ነበር?" አለች፣ ሲገደል 35 አልኳት። "ልጅ እኮ ነው" አለች፣ ከዛ ሰዓት ጀምሮ እሳቸው ማለቷን ተወችው፣ እስከ መጨረሻው "ልጄን፣ ልጄን" ነበር የምትለው።

ፊልሙ ሲያልቅ እንደ ልማዷ "አፈሩን ገለባ ያርግ..." ብላ ጀምራ አቆመች። አፈር የለውማ። ያ ሶት የተባለው ሰው ጥርስ አስቀርቶ እንደነበር፣ አንዲት ወርቅ የተለበጠች ጥርስ ናት የቀረችው፣ እሷንም ቤልጂየም በሰኔ 2022 ለልጆቹ መልሳ ኪንሻሳ እንደተቀበረች ነገርኳት። ፊልሙ ከተሰራ ከ22 ዓመት በኋላ ነው ይሄ የሆነው። "ጥርሷን ብቻ?" አለች፣ አዎ አልኳት፣ "እና ለቀስተኛ መጣ?" አለች፣ ብዙ ሰው መጣ፣ አገር ለአገር አዙረዋት ነው የቀበሯት አልኳት። እሺ ብላ ተነስታ ሲኒዎቹን ሰበሰበች።

አጎቴ፣ የባባ የመጀመሪያ ልጅ፣ ቨርጂኒያ ነው ያለው፣ ያኔ እማሆይ አዲስ አበባ ታቅፋው የነበረው ልጅ እሱ ነው። እማዬ ለሱም ውሰጅለት ብላኛለች። ቅዳሜ ይዤለት እሄዳለሁ፣ ፎቶውንም ጨምሬ፣ ምናልባት ፎቶው የት እንደተነሳ እሱ ያውቅ ይሆናል።